ከሌዘር የዓይን ቀዶ ሕክምና በኋላ ወደ ስፖርት ሜዳ መመለስ

ባለፈው ሴሚስተር አንድ የሁለተኛ ዓመት ተማሪ ከክፍለ ጊዜ በኋላ ወደ ቢሯችን መጣ። ዘወትር ከፊት ወንበር የሚቀመጥ፣ ወፍራም መነጽር የሚያደርግ ልጅ ነበር፤ በዚያን ዕለት ግን መነጽሩ የለም። ከስድስት ሳምንት በፊት ውጭ አገር የሚኖር ወንድሙ ዘንድ ሄዶ ላሲክ የተባለውን የሌዘር ቀዶ ሕክምና አድርጎ መመለሱን ከነገረን በኋላ እንዲህ ሲል ጠየቀ፦ «ዶክተር፣ ሐኪሙ ለአራት ሳምንት ኳስ እንዳልጫወት አዞኝ ነበር። አራቱ ሳምንት አልፏል፤ ቅዳሜ ደግሞ የቅርጫት ኳስ ግጥሚያ አለን። አሁን ዓይኔ እንደ ማንኛውም ሰው ዓይን ሆኗል ማለት ነው?»

እኛ ሐኪም አይደለንም። ሆኖም ጥያቄው ግማሹ የሕክምና፣ ግማሹ የፊዚክስ ነው። የሕክምናውን ግማሽ ለባለሙያው ትተን የፊዚክሱን ግማሽ በሰሌዳ ላይ አብረን ሠራነው። በዚህ ጽሑፍ ለአንባቢያን የምናቀርበውም ያንኑ ስሌት ነው።

ብርሃን ኮርኒያን እንዴት ይቀርጻል?

ኮርኒያ ዓይናችን ከፊት ለፊቱ የሚሸፈንበት ጥርት ያለ መስኮት ነው። መካከሉ ላይ ያለው ውፍረት 540 ማይክሮ ሜትር ያህል፣ ማለትም ከግማሽ ሚሊ ሜትር ጥቂት ቢበልጥ ነው። ብዙ ተማሪዎች ብርሃንን በዋናነት የሚሰብረው ከብሌን በስተጀርባ የሚገኘው ሌንስ ይመስላቸዋል። ይሁን እንጂ ዓይን ካለው 60 ዳይኦፕተር ገደማ የመስበር አቅም ውስጥ 43 ያህሉ የኮርኒያ ድርሻ ነው፤ ብርሃን ከአየር ወደ ኮርኒያ ሲገባ የሚያጋጥመው የስብረት ጠቋሚ ልዩነት (ከ1 ወደ 1.376) በዓይን ውስጥ ካሉት ልዩነቶች ሁሉ ትልቁ ነውና። ስለዚህ የኮርኒያን ጉብታ በጥቂት ማይክሮ ሜትሮች ማስተካከል ዕይታን ለመለወጥ ይበቃል።

ለዚህ ሥራ የሚያገለግለው ኤክሳይመር ሌዘር አርጎንና ፍሎሪን የተባሉትን ጋዞች ይጠቀማል፤ የሞገድ ርዝመቱም 193 ናኖ ሜትር ነው። 1240ን ለ193 ብናካፍል የአንዱ ፎቶን ኢነርጂ 6.4 ኤሌክትሮን ቮልት ሆኖ እናገኘዋለን። በፕሮቲን ውስጥ ካርቦንን ከካርቦን ጋር የሚያስተሳስረውን ቦንድ ለመበጠስ የሚያስፈልገው 3.6 ኤሌክትሮን ቮልት ያህል ብቻ በመሆኑ፣ ፎቶኑ ሞለኪውሉን አያቃጥለውም፤ በቀጥታ ይበጥሰዋል። በአይ.ቢ.ኤም. ቤተ ሙከራ ይሠሩ የነበሩት ስሪኒቫሳን፣ ዋይንና ብለም የዚህን ጨረር በእንስሳ አካል ላይ ያለውን ውጤት የሞከሩት እ.ኤ.አ. በ1981 ሲሆን፣ የሞከሩትም ከበዓል ማዕድ በተረፈ የተርኪ ቅሪት ላይ ነበር። ለዶክትሬት ትምህርት ውጭ አገር በነበርንበት ጊዜ በዚሁ ዓይነት ሌዘር ፕላስቲክ ሲቀረጽ አይተናል። ጠርዙ በምላጭ የተቆረጠ እንጂ በእሳት የተነካ አይመስልም።

ምን ያህል ኮርኒያ ይቀረፋል? ለዚህ ቀላል ቀመር አለ፤ የሚስተካከለውን ዳይኦፕተር በሚቀረጸው ክብ ስፋት (በሚሊ ሜትር) ካሬ አባዝቶ ለሦስት ማካፈል ነው። ውጤቱ በማይክሮ ሜትር ይገኛል። ተማሪያችን የቅርብ ብቻ የማየት ችግሩ 7 ዳይኦፕተር ነበር። የሚቀረጸው ክብ ስፋት 6 ሚሊ ሜትር ቢሆን 7 ሲባዛ በ36፣ ሲካፈል ለ3፣ 84 ማይክሮ ሜትር ይሆናል። ይህ ከአንድ ገጽ ወረቀት ውፍረት ብዙም አይለይም።

ክዳኑና ጥንካሬው

በላሲክ ሐኪሙ ሌዘሩን ከማሳረፉ በፊት ከኮርኒያው ላይ ስፋቱ 9፣ ውፍረቱ 0.11 ሚሊ ሜትር ገደማ የሆነ ስስ ክዳን ይቆርጣል። ክዳኑ በአንድ ወገን እንደ ሣጥን ክዳን ተያይዞ ይቀራል። ከሥሩ ያለው አካል ከተቀረጸ በኋላም ክዳኑ ወደ ቦታው ይመለሳል፤ አይሰፋም። በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ክዳኑን የሚይዘው ከኮርኒያው የውስጥ ገጽ ያሉት ሕዋሳት ውኃን ያለማቋረጥ ወደ ውስጥ ስለሚስቡ የሚፈጠረው መምጠጥ ነው። በአንድ ቀን ጊዜ ውስጥም የላይኛው የኮርኒያ ቆዳ የክዳኑን ጠርዝ ይሸፍነዋል። ሕመሙ ቶሎ የሚጠፋውና ዕይታው በማግሥቱ የሚጠራው ለዚህ ነው።

ዕይታ ጠራ ማለት ግን ቁስሉ ተጋጠመ ማለት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2005 የታተመ አንድ ጥናት፣ በሕይወት ሳሉ ላሲክ ተደርጎላቸው ከነበሩ ሰዎች ከሞቱ በኋላ የተወሰዱ ኮርኒያዎችን በመሳቢያ መሣሪያ እየጎተተ ጥንካሬያቸውን ለካ። የክዳኑ ጠርዝ ጥንካሬ ከጤናማው ኮርኒያ አንጻር 28 በመቶ ያህል ሆኖ ሲገኝ፣ የመካከለኛው ክፍል ግን ከዓመታት በኋላም 2.4 በመቶ ብቻ ነበር። በሌላ አነጋገር ክዳኑ በዳር ተጣብቆ በመሐል ተኝቶ የሚኖር ነገር ነው። ሸክም የሚሸከመውም ከሥር የቀረው ክፍል ብቻ ነው። በተማሪያችን ስሌት 540 ሲቀነስ 110፣ ሲቀነስ 84፣ 346 ማይክሮ ሜትር ይቀራል፤ ይህም ሐኪሞች ዝቅተኛ ወሰን አድርገው ሲሠሩበት ከቆዩት 250 በላይ ነው።

ተማሪው ይህን ሲሰማ ፊቱ ተለወጠ። «ታዲያ ስዘል አይንሸራተትም?» አለ። ይህ መልካም ጥያቄ ነው፤ መልሱንም ራሱ እንዲሠራው አደረግን። የክዳኑ ስፋት 64 ካሬ ሚሊ ሜትር፣ ይዘቱ 7 ኪዩቢክ ሚሊ ሜትር ነው። እንደ ውኃ ብንቆጥረው 7 ሚሊግራም ይመዝናል። ተጫዋቹ ዘሎ ሲያርፍ ራሱ ላይ ከመሬት ስበት አሥር እጥፍ የሆነ ፍጥንጥነት ቢደርስ (ማጋነናችን ነው) ክዳኑን የሚጎትተው ኃይል 0.7 ሚሊ ኒውተን ብቻ ይሆናል። ይህንን ለስፋቱ ብናካፍል 11 ፓስካል እናገኛለን። በዓይን ውስጥ ዘወትር ያለው ግፊት፣ 15 ሚሊ ሜትር ሜርኩሪ፣ ወደ 2,000 ፓስካል መሆኑን እናስታውስ። መሮጥና መዝለል ክዳኑን አያንቀሳቅሱም። እ.ኤ.አ. በ2003 በታተመ ሙከራ ላሲክ የተደረገላቸው ጥንቸሎች አብራሪን ከአውሮፕላን በሚያስፈነጥር ወንበር ዓይነት ተወርውረው ክዳናቸው ከቦታው አልተነሣም።

አሁን ደግሞ የተቃራኒ ቡድን ተጫዋች ኳስ ሊነጥቅ ሲዘረጋ ጥፍሩ በዓይን ላይ ቢያልፍስ? አንድ ኒውተን እንውሰድ፤ ይህ የ100 ግራም ዕቃ ክብደት ነው፤ ለጣት እጅግ ቀላል ኃይል። ነገር ግን በዝላይ ከተገኘው ኃይል ከአንድ ሺህ እጥፍ በላይ ነው። ከዚህም በላይ ወሳኙ አቅጣጫው ነው። በቀጥታ ከፊት የመጣ ኃይል ክዳኑን ወደ አልጋው ይጫነዋል፤ በጎን እየፋቀ የሚያልፍ ኃይል ግን ደካማውን የክዳን ጠርዝ ይዞ ሊገልጠው ይችላል። በዚህ መልክ የተገለጡ ክዳኖች ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ከወራት ብቻ ሳይሆን ከዓመታትም ቆይተው በሕክምና መጽሔቶች ተዘግበዋል። መንስኤያቸውም ብዙ ጊዜ ጣት፣ ጥፍር፣ የዛፍ ቅርንጫፍና የመሳሰሉት ናቸው። ስለዚህ «አራት ሳምንት» የሚለው ቁጥር አደጋው የሚቀንስበት እንጂ የሚያበቃበት ቀን አይደለም።

ይህ ከደረሰ ዓይኑን ማሸት ፈጽሞ አይገባም። ሳይጫኑ በጠንካራ መከላከያ ጋርዶ በዚያው ዕለት ወደ ዓይን ሐኪም መሄድ ያስፈልጋል፤ ክዳኑ ቶሎ ከተመለሰ ዕይታ የሚድንበት ዕድል ሰፊ ነው።

የጊዜ ገደቦቹ ምክንያት

የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር ከላሲክ በኋላ ንክኪ ለሌለው ስፖርት ከአንድ እስከ ሦስት ቀን፣ እንደ ቦክስና ካራቴ ላሉት ቢያንስ አራት ሳምንት፣ ለዋናና ለሙቅ መታጠቢያ ገንዳ ደግሞ ከአንድ እስከ ሁለት ወር መቆየትን ይመክራል። አንባቢ እንደሚያስተውለው ዋና ከቦክስ የረዘመ ጊዜ ተሰጥቶታል። በውኃ ውስጥ ማንም አይማታም፤ ሥጋቱ ገና ያልጸና ጠርዝ ሥር የሚገቡ ጥቃቅን ሕዋሳት ናቸው። ለእኛ ተማሪዎች ይህ ማለት ሐይቅ፣ ወንዝና ፍል ውኃ ሁሉ በዚሁ ክልከላ ሥር ይገባሉ ማለት ነው። አቧራማ ሜዳ በዝርዝሩ ባይጠቀስም እኛ እንጨምረዋለን፤ አቧራ የገባበት ዓይን እጅን ይጠራልና።

ክብደት ማንሣትም ትንፋሽን አምቆ በመያዝ የዓይንን ውስጣዊ ግፊት ለጊዜው ከፍ ስለሚያደርግ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ይቆይ ይባላል። ቁርጡን ጊዜ ሐኪሙ ይናገር።

ማታ በመብራት ለሚጫወቱ ደግሞ አንድ ነገር እንጨምር። በጨለማ ብሌን እስከ 7 ሚሊ ሜትር ሊሰፋ ይችላል፤ የተቀረጸው ክብ ግን 6 ነው ብለናል። በዚህ ቀለበት የሚያልፈው ብርሃን ሌላ ቦታ ስለሚያተኩር በመብራቶች ዙሪያ ክብ ጮራ ይታያል። በብዙዎች ዘንድ በወራት ውስጥ እየቀነሰ ይሄዳል፤ እስከዚያው ግን ከመብራት ስር የሚመጣን ኳስ መገመት ያስቸግራል።

ገና ላልወሰኑት

ቀዶ ሕክምናውን ገና ያላደረገና ቦክስ፣ ትግል ወይም ቴኳንዶ የሚሠራ ተማሪ ቢጠይቀን ግን መልሳችን ሌላ ነው፤ በመጀመሪያ ስለ ፒ.አር.ኬ. ሐኪሙን ይጠይቅ። በዚህኛው ዘዴ ክዳን አይቆረጥም፤ የላይኛው ቆዳ ብቻ ተነሥቶ ሌዘሩ በቀጥታ ያርፋል። ቆዳው እስኪተካ ከሦስት እስከ አምስት ቀን ያማል፤ ዕይታው እስኪጠራም ሳምንታት ይፈጃል። ቁስሉ ከዳነ በኋላ ግን የሚገለጥ ነገር የለም። ስማይል የተባለው አዲሱ ዘዴም በላሲክ 20 ሚሊ ሜትር ገደማ የነበረውን ቁርጥ ከ2 እስከ 4 ሚሊ ሜትር ያደርሰዋል።

ፒ.አር.ኬ. ላደረገ ሰው አገራችን አንድ ተጨማሪ ጥንቃቄ ትጠይቃለች። የአልትራቫዮሌት ጨረር በየ1,000 ሜትሩ ከፍታ 10 በመቶ ያህል ይጨምራል፤ አዲስ አበባ ደግሞ በ2,300 ሜትር ገደማ ላይ ትገኛለች። በመዳን ላይ ያለ ኮርኒያ ብዙ ጨረር ሲያገኘው ሊደበዝዝ ስለሚችል፣ በመጀመሪያዎቹ ወራት ሜዳ ላይ የፀሐይ መነጽር ማድረግ እንደ ቅንጦት መታየት የለበትም።

ሌዘር የማይነካው ክፍል

ተማሪያችን ሊነሣ ሲል ያልጠየቀውን ነገር ነገርነው። ሌዘሩ የለወጠው የዓይኑን ፊት ብቻ ነው። ጤናማ ዓይን ከፊት እስከ ኋላ 24 ሚሊ ሜትር ያህል ሲረዝም፣ የእርሱ 7 ዳይኦፕተር ችግር የመጣው ዓይኑ ወደ 26.5 ሚሊ ሜትር ገደማ በመርዘሙ ይሆናል። ከኋላ የተለጠፈችው ሬቲናም በዚያው መጠን ተለጥጣለች። መነጽሩ ቢወልቅም ርዝመቱ እንዳለ ነው። በተለይ ከ6 ዳይኦፕተር በላይ የነበረ ሰው ዓይኑን ሲመታ ሬቲናው ሊላቀቅ የሚችልበት ዕድል ከሌላው ይበልጣል። ድንገተኛ ብልጭታ፣ እንደ ጥላሸት የሚንሳፈፉ ነጠብጣቦች፣ ወይም ከአንድ ወገን የሚወርድ መጋረጃ መሰል ጥላ ከታየ ነገ የሚባል ቀጠሮ የለም።

በማግሥቱ ወደ ዓይን ሐኪም ሄዶ ሬቲናውን አስመረመረ፤ ደኅና ነው ተባለ። ሐኪሙ የመከላከያ መነጽር ማድረግ እንዳለበትም ነገረው። እርሱም የኬሚስትሪ ቤተ ሙከራውን መነጽር ተውሶ ሊገባ እንደሚችል ጠየቀን። እኛም እንደማይሆን መለስንለት፤ ያ የተሠራው ለፍንጣቂ ኬሚካል ነው፤ በክርን ሲመታ ሌንሱ ከፍሬሙ ወደ ውስጥ ሊወጣ ይችላል። ለስፖርት የተሠራው ሦስት ሚሊ ሜትር ገደማ ውፍረት ያለው ፖሊካርቦኔት ሲሆን በራስ ዙሪያ በማሰሪያ ይያዛል።

የቅዳሜውን ግጥሚያ ከዳር ተቀምጦ ተመለከተ፤ ቡድኑም ተሸነፈ። መነጽሩን ወንድሙ ከሦስት ሳምንት በኋላ ልኮለት አሁን ይጫወትበታል። የቡድን ጓደኞቹ «ዋናተኛው» እያሉ ይጠሩታል።