ገጣሚን በአንደበቱ መሰነድ፦ «ከክረምት በኋላ» የተሰኘው የኃይሌ ገሪማ ዘጋቢ ፊልምና ለጎንደር ቃል ግጥም ያለው ፋይዳ

ይህ አጭር ጥናት በጎንደር የተወለዱት የፊልም ባለሙያ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1985 ስለ ገጣሚው ስተርሊንግ ብራውን የሠሩትን ዘጋቢ ፊልም ይመለከታል። ማጠንጠኛውም ግጥሙ በድምፅ ላይ የተመሠረተ ገጣሚ በሕይወት ሳለ ሊሰነድ ይገባል የሚል ነው።

አፍሪካ አሜሪካዊው ብራውን (1901–1989) ገጣሚ፣ ሐያሲና በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለ40 ዓመታት ያስተማረ መምህር ነበር። በ1932 ያሳተመው የመጀመሪያ መድበሉ የደቡባዊ ግዛቶች ጥቁር ገበሬዎችንና የቀን ሠራተኞችን አነጋገር፣ የሥራ ዘፈንና ብሉዝ የግጥም መሣሪያ አደረገ። ያ አነጋገር በዘመኑ የመድረክ መሳለቂያ ስለነበር፣ በክብር መጻፉ ራሱ ፖለቲካዊ አቋም ነበር። ሁለተኛው መድበሉ አሳታሚ አላገኘም፤ የተሰባሰቡ ግጥሞቹ የታተሙት በ1980 ነው።

ለእንዲህ ዓይነቱ ገጣሚ ሕትመት ብቻውን በቂ ማስረጃ አይሆንም። የንባቡ ፋታ፣ የድምፁ ከፍታና ዝቅታ፣ የምፀቱ ቃና በፊደል አይያዙም። ፊልሙ ብራውን ሕይወቱንና ዘመኑን በራሱ አንደበት እንዲተርክ በማድረግ ይህን ክፍተት ይሞላል። ገጣሚው ያረፈው ፊልሙ ከተሠራ ከ4 ዓመት በኋላ ነው፤ ሥራው ቢዘገይ ኖሮ የሚቀረው የሌሎች ምስክርነት ብቻ ነበር።

ኃይሌ ለቃል ክብደት እንግዳ አልነበሩም። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ተውኔት ጸሐፊና የአርበኞችን ተጋድሎ በሚዘክረው «ጎንደሬ በጋሻው» የሚታወቁ ደራሲ ነበሩ። ኃይሌ ራሳቸውም ከ1970ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ ብራውን ባስተማረበት በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አስተምረዋል።

ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ጎንደርንና የሰሜን ጎንደርን ደጋ በቀጥታ ይመለከታል። ፉከራ፣ ቀረርቶ፣ ሙሾና የአዝማሪ ግጥም ሹምን የሚወቅሱት፣ በደልን የሚያጋልጡት ብዙ ጊዜ በሰምና ወርቅ ነው። ሰሙ ተጽፎ ሊቀር ይችላል፤ ወርቁ ግን ግጥሙ በማን ላይ፣ በምን አጋጣሚ፣ በማን ፊት እንደተባለ ካልታወቀ ይጠፋል። ስለዚህ ሰነዳው ግጥሙን በመቅረጽ ብቻ ሊወሰን አይገባም፤ ባለቅኔው ወይም አዝማሪው አጋጣሚውን ራሱ እንዲያብራራ፣ የአድማጩም ምላሽ አብሮ እንዲቀረጽ ያስፈልጋል። ቅጂው በዩኒቨርሲቲ ቤተ መዛግብት ሲቀመጥም፣ የገጣሚው ፈቃድና በሥራው ላይ ያለው መብት በጽሑፍ ሊረጋገጥ ይገባል።