ፖሊስ ወሰን አይለካም

በወሰን ክርክር የረታ ነጋዴ አብዛኛውን ጊዜ የውሳኔውን ግልባጭ ይዞ በቀጥታ የሚያመራው ወደ ፖሊስ ጣቢያ ነው። እዚያም «ለእኛ የተጻፈ ትዕዛዝ አምጣ» ተብሎ ይመለሳል። ሰውየው ጉቦ የተፈለገበት፣ ወይም ጎረቤቱ በጣቢያው ዘመድ ያለው ይመስለዋል። አንዳንዴ ጥርጣሬው ልክ ሊሆን ይችላል፤ በሕጉ በኩል ግን የፖሊሱ መልስ ትክክል ነው።

በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት ፍርድ በራሱ አይፈጸምም። የፍርድ ባለመብቱ የአፈጻጸም ማመልከቻ አቅርቦ መዝገብ ያስከፍታል፤ ፍርድ ቤቱም ውሳኔው እንዴት እንደሚፈጸም ያዛል። ለፖሊስ የሚጻፈው ደብዳቤ የሚወጣው ከዚህ መዝገብ ነው። ማመልከቻው በ10 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። «ጎረቤት ነው፣ በሽማግሌ እንጨርሰዋለን» እያሉ ዓመታት የሚያሳልፉ ሰዎች ይህን ቢያስቡበት ይበጃል። ባላጋራው ይግባኝ ስላለ ብቻ ደግሞ አፈጻጸሙ አይቆምም፤ የበላዩ ፍርድ ቤት እግድ መስጠት አለበት።

ትልቁ ችግር ያለው በትዕዛዙ ቃል ላይ ነው። አንድ ባለመጋዘን ጎረቤቱ አጥሩን 2 ሜትር ገፍቶ የመኪና መግቢያውን አጠበበበት እንበል። ፍርድ ቤቱ «ተከሳሽ የፈጠረውን ሁከት ያስወግድ» ብሎ ቢወስንና ለፖሊስም በዚሁ ቃል ቢጻፍ፣ የተላከው ፖሊስ ስፍራው ሲደርስ ሁለቱ ሰዎች ሁለት የተለያየ መስመር ያሳዩታል። የትኛው ትክክል እንደሆነ የመወሰን ሥልጣን የለውም። ሪፖርት ጽፎ ይመለሳል፤ መዝገቡም ለሌላ ቀጠሮ ያድራል። እስከዚያው የጭነት መኪናው መንገድ ላይ ቆሞ ዕቃው በተሸካሚ ይራገፋል፤ የተሸካሚው ሒሳብ የባለመጋዘኑ ነው።

ስለዚህ ልኬቱ ከፖሊሱ መቅደም አለበት። ክርክሩ ገና እየታየ ሳለ የመሬት ይዞታ መሥሪያ ቤቱ ባለሙያ ቦታውን በካርታው መሠረት ለክቶ ውጤቱን በፕላን እንዲያቀርብ ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ይቻላል። የከተማ ይዞታ በካዳስተር ተረጋግጦ ከተመዘገበ ሥራው በጣም ይቀላል፤ የማዕዘኖቹ ነጥብ በመዝገብ ስለሚገኝ የወሰን ድንጋዩ ቢነቀል እንኳ ቦታው አይጠፋም። ውሳኔው ያንን ፕላን ከጠቀሰ ለፖሊሱ የሚቀርለት የራሱ ሥራ ብቻ ነው፤ ባለሙያው ችካል ሲተክልና አጥሩ ሲፈርስ ጠብ እንዳይነሳ መጠበቅ።

በመጨረሻው ሰዓት የሚመጣ ሌላ መሰናክልም አለ። በክሱ ያልተጠራች ሚስት ወይም ወራሽ የሆነ ወንድም በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 መሠረት ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት መቃወሚያ ሊያቀርብ ይችላል። ይህን ለማስቀረት ክሱ ሲመሠረት በይዞታው ላይ ስማቸው ያለ ሰዎችን ሁሉ መጥራት ነው።

መዝገቡ ተጓተተ ብሎ የቀን ሠራተኛ ቀጥሮ አጥር ማፍረስስ? በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1148 በይዞታው ላይ የተነሳበትን ሰው በኃይል መመለስ የሚፈቅደው ድርጊቱ ሲፈጸም፣ እዚያው በዚያው ነው። ከወራት በኋላ አካፋ ይዞ የሚሄድ ሰው ከሳሽነቱ ቀርቶ ራሱ ተከሳሽ ይሆናል። ለእርሱ የተተወለት መንገድ ቁጥር 1149 ነው፤ ይህም ክስ ሁከቱ ከተፈጠረ በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ አይሰማም።

አጥሩ ፈርሶ ችካሉ በተተከለበት ቀን የተሠራው ሥራ በቃለ ጉባኤ ተጽፎ ባለሙያው፣ ፖሊሱና ታዛቢዎች እንዲፈርሙበት ያድርጉ፤ አንድ ቅጂም ለራስዎ ይያዙ። አጥሩ ከወር በኋላ ተመልሶ ቢቆም ፍርድ ቤቱ መጀመሪያ የሚጠይቅዎ ያንን ወረቀት ነው።