ስለ ጎረቤት ሐቅና ነገርን ስለ መከታተል

ምስጋና ለአላህ ይሁን፤ ሰላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ፣ በቤተ ሰባቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ ይውረድ።

ወንድሞቼና እኅቶቼ ሆይ! እንደ ዲመካ ባለች ትንሽ ከተማ ሱቁ ከፊት፣ ማጀቱ ከኋላ፣ የጎረቤቱም አጥር ከጎን ነው። ቅዳሜ ገበያ ሲቆም፣ የሐመርና የበና ሰው ማሩንና ቅቤውን፣ ፍየሉንና ማሽላውን ይዞ ሲመጣ፣ ሻጭም ገዥም በግልጥ ይታያል። ማታ ደጅ ሲዘጋ ግን የቤቱ ነገር የባለቤቱ ነው። ሆኖም የገባውን ኬሻ የሚቈጥር፣ ዕዳህ ስንት ነው የሚል፣ እንግዳን በአጥር ቀዳዳ የሚያይ ጎረቤት አይጠፋም። ወሬው ለአበዳሪ ሲደርስ ነጋዴው አመኔታ ያጣል፤ ለዘመድ ሲደርስ ትዳር ይናጋል።

አላህ በሑጁራት ምዕራፍ፣ በ12ኛው አንቀጽ፣ ነውር መከታተልንና ሐሜትን አያይዞ ከልክሏል፤ አንደኛው ለሌላው በር ነውና። አንድ ሰው በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ደጅ ቀዳዳ አጮልቆ ባየ ጊዜ፣ ለመግባት ፈቃድ መጠየቅ የተደነገገው ስለ ዐይን መሆኑን በተግሣጽ እንዳስረዱት ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበዋል። በ505 ዓመተ ሂጅራ የሞቱት ኢማም አል-ገዛሊም በኢሕያእ መጽሐፋቸው ስለ ጎረቤት ኑሮ ጥያቄ አለማብዛትን፣ ወደ ቤቱ የሚያስገባውን በዐይን አለመከተልን ከጎረቤት ሐቅ ቈጥረውታል።

ይህን የሰማ ተበዳይ «ለእርሱ ይነገርልኝ!» ይል ይሆናል። ነገር ግን እኒሁ ሊቅ የጎረቤት ሐቅ አለመጉዳት ብቻ ሳይሆን ጉዳቱን መታገሥም ነው ብለዋል። እንግዲህ ትምህርቱ ለሚያየውም ለሚታየውም ነው።

ታዲያ ምን ይደረግ? አንደኛ፦ ምሥጢርህን ራስህ ጠብቅ፤ አጥርህን ድፈን፤ ገንዘብህን በደጅ አትቍጠር። ሁለተኛ፦ ሲጠይቅህ «አልሐምዱ ሊላህ» ብለህ በፈገግታ ነገሩን ቍረጥ፤ አትዋሽ፤ አትሳደብም። ሦስተኛ፦ ካልተወ ለብቻው ንገረው፤ በጀመዓ ፊት አታሳፍረው። አራተኛ፦ ብድር ለመመለስ የእርሱን ነውር አትፈልግ፤ ያን ጊዜ ሁለት ሰላዮች ሆናችኋልና።

ሰላምታህንና የታመመ መጠየቅህንም አታስቀርበት። አላህ በኒሳእ ምዕራፍ፣ በ36ኛው አንቀጽ፣ ለቅርብም ለባዕድም ጎረቤት በጎ መዋልን አዟል፤ ጎረቤትህ ሐመርም ይሁን ክርስቲያን ሐቁ አይቀርም። ደግሞም ሌሊት እሳት ቢነሣ ወይም ሌባ ቢመጣ፣ ቀድሞ የሚጮኽልህ ይኸው ዐይኑ የማያርፍ ጎረቤትህ ይሆናል።

አላህ ነውራችንን ይሸፍንልን፤ ዐይናችንንም ከሰው ነውር ይመልስልን። አሚን።