ድምፁ አለ፣ ምስሉ የለም፦ ቪዲዮ አልታይ ሲል ምን እናድርግ?

በዛሬው «እንማማር» ዓምዳችን ስለ ቪዲዮ ችግሮችና ስለ ማጫወቻ አመራረጥ እንማማራለን። ይህን ርዕስ የመረጥነው በራሳችን ላይ ስለደረሰ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የክበባችን አባላት ከመምህራችን ጋር ከሮቤ ተነስተን፣ በጎባ በኩል ወደ ሳነቴ ወጥተን ነበር። ሳነቴ ከባሕር ወለል በላይ ከ4,000 ሜትር ይበልጣል፤ ብርዱ ለጉድ ነው። እዚያ ቀይ ቀበሮ አየን! ቀይ ቀበሮ ከኢትዮጵያ ውጪ የትም አይገኝም። የቀሩት 500 ገደማ ብቻ ናቸው፤ ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ደግሞ የሚኖሩት በእኛው በባሌ ተራሮች ነው። መምህራችን በስልካቸው ቀረፁት። ስልኩ ስለሞላ ቪዲዮውን ወደ ክበቡ ፍላሽ ገልብጠን ከስልኩ ላይ አጠፋነው። ልብ በሉ፤ ከዚያ በኋላ ቪዲዮው ያለው በዚያች አንዲት ፍላሽ ላይ ብቻ ነበር።

የወላጆች ቀን ደረሰ። ወላጆች ተቀመጡ፣ ፕሮጀክተሩ በራ። ቪዲዮውን ስንከፍተው ጥቁር ሆነ። ድምፁ ግን አለ! ነፋሱ ይጮኻል፣ እኔም ውስጥ ሆኜ «እዩት! እዩት! ያው እዚያ ጋ!» እላለሁ። የሚታይ ነገር ግን የለም። ወላጆች ሳቁ፤ እኔ መግቢያ አጣሁ። አንዱ ጓደኛችን «ፋይሉ ተበላሽቷል፤ ፍላሹን ፎርማት እናድርገውና ይለይለት» አለ። እኔም ልጫነው ስል መምህራችን «ቆይ! በሽታው ሳይታወቅ ምን መድኃኒት ትሰጣለህ?» ብለው ከለከሉኝ።

ሰኞ ዕለት በሌላ ማጫወቻ ከፈትነው። ቀበሮው ጆሮውን አቁሞ ሲራመድ ቁልጭ ብሎ ታየ! ፋይሉ ምንም አልሆነም ነበር። ፎርማት ብናደርገው ኖሮ ግን በገዛ እጃችን አጥፍተነው ነበር።

1. መጀመሪያ ጥፋቱ የት እንዳለ እንለይ

ቪዲዮ አልታይ ሲል ችግሩ ከአራት ቦታ በአንዱ ነው፦ ፋይሉ፣ ማጫወቻው፣ ኮምፒውተሩ (ወይም ስልኩ)፣ ወይም ገመዱና ስፒከሩ። ለመለየት ሁለት ሙከራ እናድርግ።

ሀ. ያንኑ ፋይል በሌላ ስልክ ወይም ኮምፒውተር እንክፈት። እዚያ ከሠራ ፋይሉ ጤነኛ ነው።
ለ. ደህና መሆኑን የምናውቀውን ሌላ ቪዲዮ በዚያው ኮምፒውተር እንክፈት። እሱም ካልሠራ ጥፋቱ የፋይሉ ሳይሆን የማጫወቻው፣ የኮምፒውተሩ ወይም የገመዱ ነው።

በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ እንቀይር። ሁሉንም አንድ ላይ ከነካካን ቢሠራ እንኳ ምኑ እንደሠራ አናውቅም።

2. ጆንያውና እህሉ

በፋይል ስም መጨረሻ ላይ ኤም ፒ ፎር፣ ኤም ኬ ቪ ወይም ኤ ቪ አይ የሚሉ ፊደላት ይታያሉ። እነዚህ ጆንያ ናቸው። በአንድ ዓይነት ጆንያ ስንዴም ገብስም እንደሚገባ ሁሉ፣ በኤም ፒ ፎር ውስጥም ምስሉ በተለያየ መንገድ ተጨምቆ ሊቀመጥ ይችላል። ይህ የአጨማመቅ ዘዴ ኮዴክ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው ኤች 264 በብዙ ቦታ ይሠራል። እ.ኤ.አ. በ2013 የወጣው ኤች 265 ደግሞ ፋይሉን ያሳንሰዋል፤ ሆኖም ከእሱ በፊት የተሠሩ ማጫወቻዎች አያውቁትም።

የእኛም ችግር ይኸው ነበር። ስልኩ በኤች 265 ቀረፀ፤ ኮምፒውተሩ ላይ ያለው ማጫወቻ ግን አሮጌ ነው። የድምፁን ኮዴክ ስለሚያውቅ አሰማን፣ የምስሉን ስለማያውቅ አላሳየንም።

አንዳንድ ልጆች የፋይሉን ስም መጨረሻ በመቀየር ሊያስተካክሉት ይሞክራሉ። ጆንያው ላይ «ስንዴ» ብለን ብንጽፍ ውስጡ ያለው ገብስ ስንዴ ይሆናል እንዴ? አይሆንም!

3. ምልክቱና መፍትሔው

• ድምፅ አለ፣ ምስል የለም፦ አብዛኛውን ጊዜ የኮዴክ ችግር ነው። በሌላ ማጫወቻ ይሞከር።
• ምስል አለ፣ ድምፅ የለም፦ ድምፁ ተዘግቶ እንደሆነ፣ ጃኩ በደንብ ገብቶ እንደሆነ፣ አምፕሊፋየሩ በርቶ እንደሆነ ይታይ። እየሳቃችሁ ነው? እኛ ግማሽ ሰዓት የፈለግነው ችግር ያልተሰካ ጃክ የሆነበት ቀን አለ።
• ይቆራረጣል፣ ይንቀረፈፋል፦ ፋይሉ ከፍላሽ ወደ ኮምፒውተሩ ይገልበጥ፤ ሌሎች የተከፈቱ ፕሮግራሞች ይዘጉ። አሁንም ካልተሻለው ቪዲዮው ለአሮጌ ኮምፒውተር ከብዷል ማለት ነው። ሌላ ጊዜ ስንቀርፅ በስልኩ ካሜራ ማስተካከያ ውስጥ ኤች 264ን ወይም ዝቅ ያለ የምስል ጥራት እንምረጥ።
• መሃል ላይ ይቆማል፦ ሲገለበጥ መብራት ሄዷል ወይም ፍላሹ ቶሎ ተነቅሏል። የዋናውንና የግልባጩን መጠን አስተያዩ። ካነሰ ሙሉ አይደለም፤ እኩል ሆኖ ከቆመም ከዋናው ላይ እንደገና ገልብጡት። ፍላሽ ስትነቅሉ መጀመሪያ «ኢጀክት» በሉ። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ ይባል የለ?
• አፍና ድምፅ አይገጥሙም፦ በቪ ኤል ሲ ላይ ጄ እና ኬ የሚሉትን ፊደሎች እየተጫኑ ድምፁን ወደፊትና ወደኋላ ማስተካከል ይቻላል።
• ከሥር ያለው የአማርኛ ጽሑፍ ሳጥን ሳጥን ይሆናል፦ የእኛን ፊደል የያዘ ፎንት አልተመረጠም። ከዊንዶውስ ቪስታ ጋር የወጣ ኒያላ የሚባል የግዕዝ ፎንት አለ። ስሙ የተወሰደው ከደጋ አጋዘን ነው፤ ያው በዲንሾ ስናልፍ ጋይሳይ ሜዳ ላይ የምናየው! በሳጥን ፈንታ የማይገባ ምልክት ከመጣ ግን የጽሑፉ ፋይል «ዩ ቲ ኤፍ 8» ተብሎ እንደገና ይቀመጥ።

4. ማጫወቻ ስንመርጥ

አራት ነገር እንጠይቅ፦ ብዙ ኮዴክ ያውቃል? ያለ ኢንተርኔት ይሠራል? በአሮጌ ኮምፒውተር ላይ ይጫናል? ነፃ ነው?

ለትምህርት ቤታችን ኮምፒውተር ቪ ኤል ሲን መርጠናል። ነፃ ነው፣ ማስታወቂያ የለውም፣ ብዙዎቹን ኮዴኮች በውስጡ ይዞ ይመጣል፣ በዊንዶውስ 7 ላይም ይሠራል። መጫኛው 40 ሜጋ ባይት አካባቢ ስለሆነ አንዴ ካወረዱት በፍላሽ ማዞር ይቻላል። ለስልክም ቪ ኤል ሲ አለ። ኤም ኤክስ ፕሌየርም ጥሩ ነው፤ ነፃው ግን ማስታወቂያ ያሳያል።

ቪ ኤል ሲን ማን ጀመረው መሰላችሁ? ተማሪዎች ናቸው! እ.ኤ.አ. በ1996 በፈረንሳይ ኤኮል ሳንትራል ፓሪስ የተባለ የምህንድስና ትምህርት ቤት ተማሪዎች በግቢያቸው ኔትወርክ ቪዲዮ ለማስተላለፍ ሲሞክሩ ተጀመረ። እ.ኤ.አ. በ2001 ማንም በነፃ እንዲጠቀምበት ተለቀቀ። ምልክቱ ላይ ያለው ብርቱካናማ የመንገድ ኮንም እነዚያ ተማሪዎች ከሰበሰቧቸው ኮኖች የመጣ ነው።

5. በፍጹም አናድርግ

• ኮምፒውተሩ «ፎርማት ላድርግ?» ብሎ ሲጠይቅ ዝም ብለን «አዎ» አንበል። ፎርማት ማለት ፍላሹን ባዶ ማድረግ ነው።
• መጨረሻው ኢ ኤክስ ኢ የሆነ «ቪዲዮ» አንክፈት። እሱ ፕሮግራም እንጂ ቪዲዮ አይደለም፤ ቫይረስ ሊሆን ይችላል።
• ግልባጩ በሁለት ቦታ መኖሩን ከፍተን ሳናይ ዋናውን አናጥፋ። እኛ ይህን ነው የተሳሳትነው።

አሁን የቀይ ቀበሮው ቪዲዮ በትምህርት ቤቱ ኮምፒውተር፣ በፍላሹና በመምህራችን ስልክ ላይ አለ። ዓመቱ ሲዘጋ ወላጆችን እንደገና እንጋብዛለን። የዚያን ጊዜ «እዩት!» ስል በእርግጥ የሚታይ ነገር ይኖራል። ቀኑ ሳይደርስ ግን በዚያው ፕሮጀክተርና በዚያው ስፒከር እንሞክረዋለን!

የዚህ እትም ጥያቄ፦ አንድ ቪዲዮ በስልክ ላይ በደንብ ይታያል። በኮምፒውተር ላይ ድምፅ የለውም። በዚያው ኮምፒውተር ሌላ ቪዲዮ ስንከፍትም ድምፅ የለም። ጥፋቱ የፋይሉ ነው ወይስ የሌላ? ምክንያታችሁን ጽፋችሁ በክበባችን ሣጥን ውስጥ ክተቱ። መልሱን በሚቀጥለው እትም ይጠብቁን። እስከዚያው ሰላም ሁኑ!