የእንግሊዞች የእሑድ ጥብስ

ልጆች ሆይ፥ በእንግሊዝ አገር እሑድ ለምሳ የበሬ ሥጋ ጠብሶ መብላት የቈየ ልማድ ነው። ቀድሞ ሥጋውን በብረት ዘንግ ሰክተው በእሳት ፊት ያዞሩት ነበር። በአንዳንድ ቤትም መንኰራኵር እየረገጠ ዘንጉን የሚያዞር ውሻ ነበረ፤ ጥብሱ እየሸተተው መሮጡ ያሳዝናል።

ሥጋው ሲበስል ስቡ ይንጠባጠባል። ይህም እንዳይባክን ዱቄት፥ ዕንቍላልና ወተት በጥብጠው በመጥበሻ ከሥጋው በታች ያኖሩ ነበር። ሊጡም ስቡን እየጠጣ ይበስላል። ስሙ ዮርክሺር ፑዲንግ ይባላል፤ ዮርክሺር በሰሜን እንግሊዝ ያለ አውራጃ ነው። ሐና ግላስ የምትባል ሴት በ1747 በአውሮፓ አቈጣጠር ባሳተመችው የወጥ ቤት መጽሐፍ አሠራሩን ጽፋለች።

በድኻ ቤት ሥጋው ጥቂት፥ ልጆቹ ብዙ ነበሩ። ስለዚህ እናት ፑዲንጉን ከመረቅ ጋራ አስቀድማ ታቀርብ ነበር። ልጆቹም በእርሱ ረኃባቸውን ካስታገሡ በኋላ ያ ጥቂት ሥጋ ለሁሉ ይዳረሳል፤ ለእናትም ይተርፋል።

ዛሬ ሥጋው በተዘጋ ምድጃ ውስጥ ይጠበሳል። ድንቹም ጥቂት ተቀቅሎ በጋለ ስብ ይጠበሳል፤ ካሮትና ጎመን፥ ደግሞም እንደ ሰናፍጭ አፍንጫን የሚሰነፍጥ የተፈቀፈቀ ሥር ይቀርባል። ሥጋው ከእሳት እንደ ወጣ ግን አይቈረጥም። ቶሎ ቢቈርጡት ውሃው ፈስሶ ይደርቃልና 20 ወይም 30 ደቂቃ ያሳርፉታል። በዚያ ጊዜ ፑዲንጉ በምድጃው ውስጥ ይነፋል፤ ችኩል ሰው በሩን ቢከፍት ተመልሶ ይሟሽሻል። ልጆቹም መዓዛው እየጠራቸው በገበታው ዙሪያ ተቀምጠው ይጠብቃሉ።