ርቀትና አቅጣጫ፦ ከሬክታንጉላር ወደ ፖላር ኮኦርዲኔት

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ዛሬ በሒሳብ ትምህርት ብዙ ተማሪ የሚሰናከልበትን አንድ ርእስ በአካባቢያችን ምሳሌ እናያለን። ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ በ1870 ዓ.ም. የሃይማኖት ጉባኤ ያደረጉበትን ቦሩ ሜዳን አንድ እንግዳ ደሴ ላይ ቆሞ ቢጠይቀን፣ «ወደ ሰሜን ይህን ያህል መንገድ ሂድ» እንለዋለን። አቅጣጫና ርቀት ሰጠነው ማለት ነው። ይህ ፖላር ኮኦርዲኔት ይባላል። «ይህን ያህል ወደ ምሥራቅ፣ ይህን ያህል ወደ ሰሜን» ካልነው ግን ሬክታንጉላር ኮኦርዲኔት ነው። ቦታው አንድ ሲሆን አነጋገሩ ሁለት ነው።

ክቡን የገጠር ቤተ ክርስቲያን እናስብ። ቅኔ ማሕሌቱና ቅድስቱ መቅደሱን የከበቡ ስለሆኑ፣ አንድን ቦታ ለማመልከት ከመካከሉ ምን ያህል እንደሚርቅና በየት በኩል እንዳለ መናገር ይቀላል። ስንጸልይ ፊታችንን ወደ ምሥራቅ እናዞራለን። ካርታን በፖላር ስናነብም አንግሉን የምንጀምረው ከምሥራቅ ነው። ምክንያቱ ሌላ ቢሆንም ለማስታወስ ይረዳናል። ከዚያ ወደ ሰሜን፣ ማለትም የሰዓት ዘንግ ከሚዞርበት በተቃራኒ እንቆጥራለን።

አሁን ደሴን መነሻ አድርገን ኮምቦልቻን እንፈልግ። ኮምቦልቻ ከደሴ ወደ ምሥራቅ 11 ኪሎ ሜትር ያህል፣ ወደ ደቡብ 5.5 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ደቡብ የሰሜን ተቃራኒ ስለሆነ ኤክስ 11፣ ዋይ ደግሞ ኔጌቲቭ 5.5 ይሆናል።

አንደኛ፣ ርቀቱን እናግኝ። የ11 ስኩዌር 121፣ የ5.5 ስኩዌር 30.25፣ ድምሩ 151.25 ነው። የዚህ ስኩዌር ሩት 12.3 ያህል ነው። ይህ ቀጥታው ርቀት ነው። መኪናው በሐረጎ ጠመዝማዛ ስለሚወርድ መንገዱ ከ20 ኪሎ ሜትር በላይ ይሆናል።

ሁለተኛ፣ አቅጣጫውን እናግኝ። ዋይን ለኤክስ ስናካፍል ኔጌቲቭ 0.5 እናገኛለን። ታንጀንቱ ይህ የሆነው አንግል ኔጌቲቭ 27 ዲግሪ ያህል ነው፤ ከምሥራቅ ወደ ደቡብ 27 ዲግሪ ማለት ነው። ከ360 ላይ ሲቀነስ 333 ይሆናል።

እዚህ ላይ እንጠንቀቅ! ከደሴ ወደ ምዕራብ 11፣ ወደ ሰሜን 5.5 ኪሎ ሜትር የሚገኝ ሌላ ነጥብ አለ። ኤክሱ ኔጌቲቭ፣ ዋዩ ፖዘቲቭ ነው። ሲካፈል ግን ውጤቱ ያው ኔጌቲቭ 0.5 ነው፤ ርቀቱም እኩል ነው። ማስያውን ብቻ ያመነ ሰው ወደ ምዕራብ ሊሄድ ተነሥቶ ኮምቦልቻ ይወርዳል። ስለዚህ አስቀድመን ነጥቡ በየትኛው ኳድራንት እንዳለ በሥዕል እንይ። ኤክስ ኔጌቲቭ ከሆነ በማስያው መልስ ላይ 180 እንጨምር፤ ትክክለኛው አንግል 153 ዲግሪ ይሆናል። ኤክስ ዜሮ ከሆነ ደግሞ ማካፈል አይቻልም፤ ነጥቡ በቀጥታ ሰሜን ከሆነ 90፣ በቀጥታ ደቡብ ከሆነ 270 ዲግሪ ነው።

ወጣቶች ሆይ፣ ሁለቱ ነጥቦች በርቀት እኩል ሲሆኑ በአቅጣጫ ግን ፍጹም ተቃራኒ ናቸው። በሕይወታችንም ምን ያህል ርቀን እንደ ሄድን ብቻ ሳይሆን ፊታችን ወዴት እንደ ዞረ እንመርምር። በትጋት የሚሮጥ ሰው አቅጣጫው ከተሳሳተ፣ ትጋቱ ራሱ ከቤቱ ያርቀዋል።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።