ደብተርህን አውጣ!

«ልምድ የለህም» ተብለህ ታውቃለህ? የሥራ ማመልከቻህ ሳይነበብ ተመልሷል?

እንግዲያው የሱብራታ ሚትራን ታሪክ ስማ።

ጊዜው እ.ኤ.አ. 1950 አካባቢ ነው፤ ቦታው የህንዷ ካልካታ። ታዋቂው ፈረንሳዊ ዳይሬክተር ዣን ሬኗር «ወንዙ» የተሰኘውን ፊልሙን እዚያ እየቀረጸ ነው። ሃያ ዓመት ያልሞላው ሚትራ ሥራ ሊጠይቅ ሄደ። አልተቀበሉትም።

አባቱን ይዞ ተመልሶ ሄደ። በመጨረሻ «ቆሞ ማየት ይችላል» ተባለ።

ማየት ብቻ!

አንተ ብትሆን ምን ታደርግ ነበር? አኩርፈህ ወደ ቤትህ ትመለስ ነበር?

ሚትራ ደብተር አወጣ። መብራቱ የት እንደተተከለ፣ ካሜራው ከየት ወዴት እንደተንቀሳቀሰ፣ ተዋናዩ የት እንደቆመ ጻፈ፤ በሥዕልም አሰፈረ። ቀን በቀን። የኋላ ኋላ የፊልሙ የካሜራ ባለሙያ ክሎድ ሬኗር ራሱ፣ የመብራቱን አቀማመጥ ከቀደመው ቀረጻ ጋር ለማስተካከል የሚትራን ደብተር ማየት ጀመረ።

አስተውል! ሥራ የተከለከለው ልጅ፣ ባለሙያው የሚጠይቀው ሰው ሆነ።

ያንን ቀረጻ ለማየት ብቅ ይል የነበረ ሌላም ሰው ነበር፤ ሳትያጂት ሬይ። ሬይ በ1952 «ፓተር ፓንቻሊ» የተባለውን የቤንጋሊ ፊልሙን ሲጀምር ካሜራውን ለሚትራ ሰጠው። ሚትራ ያኔ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ነው። የፊልም ካሜራ ይዞ አያውቅም!

ቀላል ነበር? በፍጹም። ገንዘብ እያለቀ ቀረጻው ይቆም ነበር። ፊልሙ ሦስት ዓመት ገደማ ፈጀ። በ1956 ግን በካን የፊልም ፌስቲቫል ተሸለመ።

በዚያው ዓመት በወጣው የሬይ ፊልም «አፓራጂቶ» ሌላ ፈተና መጣ። በህንድ ቤናሬስ ከተማ ያለ ቤት ግቢ ስቱዲዮ ውስጥ ተመስሎ ተሠራ። እንዲህ ያለ ግቢ ብርሃኑን የሚያገኘው ከላይ ከሰማይ ነው፤ ለስላሳ፣ ጥላ አልባ ብርሃን። ሚትራ ራሱ «ይህን በስቱዲዮ መብራት ማምጣት አይቻልም» ብሎ ተከራከረ። አልሰሙትም።

ታዲያ ምን አደረገ? ከግቢው በላይ ነጭ ጨርቅ ወጠረ። መብራቶቹን ከታች ወደ ጨርቁ አዞረ። ብርሃኑ ጨርቁን መትቶ እንደ ሰማይ ብርሃን ለስልሶ ወረደ።

«አይቻልም» ያለው ሰው ራሱ ቻለው!

አንተስ «አይቻልም» ብለህ የተውከው ምንድን ነው?

ዛሬ ወስን። ልትሠራው የምትመኘውን ሥራ የሚሠራ ሰው ፈልግ። አጠገቡ ቁም። ባይከፍልህም ቁም። ያየኸውን ማታውኑ ጻፍ፤ ሳትጽፍ አትተኛ። ነገም ድገመው።

ሚትራን ካሜራው ለተሰጠው ቀን ያበቃው ማንም ያልሰጠው ነገር ነው፤ ሰው ሳያዘው፣ ሳይከፈለው የሞላው ደብተር።

ያንተስ ደብተር የት አለ?